አንገቴ ስላልሰጠው ድምፅ

ለክቡር አቶ ባሕሩ ንጉሤ
የአቡ ዳቢና የአል አይን ኢትዮጵያውያን መረዳጃ ማኅበር ሊቀመንበር፣
የማኅበሩ ቴሌቪዥን መሥራችና ዋና አዘጋጅ፣
የ«ወቅታዊ ጉዳያችን» ፕሮግራም አቅራቢ፣ እንዲሁም የፕሮግራሙ ተቀዳሚ እንግዳ
ሙሐመድ ቢን ዛይድ ሲቲ

ጉዳዩ፦ ያልተስማማሁበትን ስምምነቴን ስለማንሳት

ክቡር ሆይ፣

ከሁሉ አስቀድሜ ጉልበትዎ ሻል ብሎት፣ ድምፅዎ ሳይዘጋ፣ ከረባትዎ ሳይጣመም፣ ባለቤትዎ ወይዘሮ ኤልሳም በሙሉ ጤና ሆነው ይህች ደብዳቤ እንድታገኝዎ ከልብ እመኛለሁ። እኔ በአል አይን፣ በአል ሙዋይጂ ሠፈር፣ ከአሮጌው ምሽግ ጀርባ ባለው ቪላ ውስጥ ከአንዲት ማዳምና ከአራት ልጆቿ ጋር፣ በቴሌቪዥንዎ ከታየሁበት ቀን ወዲህ ሰላምታ ከነፈጉኝ ጓደኞቼ በስተቀር፣ እግዚአብሔር ይመስገን ደኅና ነኝ።

ስሜን ቢረሱት እንኳ ፊቴን እንደማይረሱት ተስፋ አደርጋለሁ። በአራተኛው ዝግጅትዎ ላይ፣ ከክቡርነትዎ በስተግራ ተቀምጣ፣ ራሷን ስትነቀንቅ የታየችው ሴት እኔ ነኝ። ወደዚህ አገር ከመምጣቴ በፊት በደብረ ብርሃን በአንድ መሥሪያ ቤት ሰባት ዓመት በታይፒስትነት ሠርቻለሁ፤ ለበላይ የሚጻፍ አቤቱታ ምስጋና ለብሶ መውጣት እንዳለበት የተማርኩት እዚያ ስለሆነ፣ በዚህ ደብዳቤ ውስጥ ምስጋና ቢበዛብዎ እንዳይገረሙ። በማኅበራችን የቴሌግራም ገጽ ላይ በግልጽ ያወጣሁትም ክቡርነትዎን ለማሳጣት ሳይሆን፣ ሦስት ጊዜ በግል ጽፌልዎ ሦስቱንም ጊዜ ወደ ላይ የቀና አውራ ጣት ብቻ ስለላኩልኝ ነው።

ነገሩን ለማያውቅ አንባቢ ባጭሩ ላስረዳ። ማኅበራችን አንዲት ነጭ ሚኒባስ አለችው። ይህች ሚኒባስ ለዘጠኝ ዓመት ያህል፣ እሑድ እሑድ ከጠዋቱ አሥራ ሁለት ሰዓት ተኩል ላይ፣ በአል አይን በየሰው ቤት የምንሠራውን አሥራ አራት ሴቶች ከምሽጉ አጠገብ ሰብስባ ወደ አቡ ዳቢ ትወስደን ነበር። ቤተ ክርስቲያን የምትስመው ቤተ ክርስቲያን፣ ዘመድ የምትጠይቀው ዘመዷ ዘንድ ትውልና፣ ጀንበር ሳትጠልቅ ሚኒባሷ ሁላችንንም ወደየቤታችን ትመልሰን ነበር። ከሁለት ወር ወዲህ ግን ሚኒባሷ በክቡርነትዎ ውሳኔ «ተንቀሳቃሽ ስቱዲዮ» ተብላ ተሹማለች። የፊታችን እሑድ ደግሞ ጠቅላላ ጉባኤው ተሰብስቦ ይህን ሹመት ለዘለቄታው እንዲያጸድቅ ተጠርቷል። ለማጽደቁም ከቀረቡት ማስረጃዎች ዋነኛው የእኔ አንገት ነው።

ወደ አንገቴ ከመድረሴ በፊት ግን የቴሌቪዥናችንን ታሪክ ከሥሩ ማስታወስ ይገባል። ክቡርነትዎ በምርቃቱ ዕለት «የወቅታዊ ጉዳይ ጋዜጠኝነት በማኅበራችን ውስጥ ገና ሕፃን ነው፤ ታገሡት» ብለው ነበርና፣ የሕፃኑን አስተዳደግ በቅርብ የተከታተልኩ ተመልካች እንደመሆኔ ምስጋናዬን በተራ አቀርባለሁ።

አንደኛ። ስለ መጀመሪያው ዝግጅት አመሰግናለሁ። የፕሮግራሙ ስም «ወቅታዊ ጉዳያችን» ሆኖ ሳለ የቀረበልን ያለፈው ዓመት የሥራ ሪፖርት ነበር፤ የገናው ዝግጅት «በደመቀ ሁኔታ እየተከበረ ይገኛል» ሲባል፣ እኔ በአርባ አምስት ዲግሪ ሙቀት ልጆች ከዋና ገንዳ እያወጣሁ ነበር። ወይዘሮ ኤልሳ የስቱዲዮውን፣ ማለትም የሳሎንዎን፣ የመግቢያ ሪባን የሚቆርጡበት መቀስ ጠፍቶ በወጥ ቤት ቢላ ሲገዘግዙት መታየታቸው ግን እስከ ዛሬ በፕሮግራሙ ከተላለፈው ሁሉ በእውነተኛነቱ የሚወዳደረው የለም። እኔ በበኩሌ ደግሜ አይቼዋለሁ።

ሁለተኛ። ሁለተኛው ዝግጅት፣ በታናሽዎ አስተያየት፣ የቃለ መጠይቅ ጥበብ የመጨረሻው ጫፍ ላይ የደረሰበት ነው። ጠያቂው እርስዎ ነበሩ፤ ተጠያቂውም እርስዎ። ጠያቂው ሰማያዊ፣ ተጠያቂው ቡናማ ኮት ስለለበሱ ማን ማን እንደሆነ ለመለየት አልተቸገርንም። ጠያቂው እግራቸውን አነባብረው «ክቡር ሊቀመንበር፣ በዚህ ሁሉ የሥራ ጫና ውስጥ ጊዜዎን ሠውተው ስለመጡልን እናመሰግናለን» ሲሉ፣ ተጠያቂው ጎንበስ ብለው «እኔም ስለጋበዛችሁኝ ላመሰግን እወዳለሁ» ማለታቸው በሁለታችሁ መካከል ያለውን መከባበር አሳይቶናል። በሃያ ስምንት ደቂቃ ውስጥ ጠያቂው ተጠያቂውን አንድ ጊዜ እንኳ አላቋረጡም። ከሁሉ ጠንከር ያለችው ጥያቄ «ይህን ሁሉ ኃላፊነት እንዴት ቻሉት?» የምትለው ነበረች፤ ተጠያቂውም ጥቂት አሰብ አድርገው «ከባድ ጥያቄ ነው» አሉ። ማዳሜ በአጠገቤ ስታልፍ ምስሉን አይታ መንትዮች ናቸው ወይ ብላ ጠየቀችኝ። አዎ አልኳት፤ ምን ልበላት።

ሦስተኛ። ሦስተኛው ዝግጅት «የሕዝብ አስተያየት» ይባል ነበር፤ ለዚሁም ካሜራው ከሳሎንዎ ወጥቶ እስከ ያስ ደሴት ተጓዘ። እዚህ ላይ ሳሮንን ማስተዋወቅ አለብኝ። ሳሮን እዚሁ አቡ ዳቢ ተወልዳ ያደገች፣ ጋዜጠኝነት በዩኒቨርሲቲ የተማረች የሃያ ሦስት ዓመት ልጅ ናት። አማርኛዋ በእንግሊዝኛ የተጣጣፈ ቢሆንም ጥያቄዋ ቀጥ ያለ ነው፤ ክቡርነትዎ ማይክሮፎኑን ሲሰጧት ትይዘዋለች ብለው እንጂ ትጠይቅበታለች ብለው እንዳልነበረ ሁላችንም እንረዳለን።

ከአምስቱ አስተያየት ሰጪዎች የመጀመሪያዋ ወይዘሮ ኤልሳ ነበሩ። ሁለተኛው የወይዘሮ ኤልሳ ወንድም። ሦስተኛዋ እንደገና ወይዘሮ ኤልሳ፣ በጥቁር መነጽር። አራተኛው ከየት እንደመጣ ያልታወቀ፣ አማርኛ የማይችል፣ ግን ደጋግሞ «ጉድ፣ ጉድ» የሚል አንድ መንገደኛ። አምስተኛው ግን ሳሚ ነበር። ሳሚ በአንድ ሆቴል በር ላይ የእንግዳ ሻንጣ የሚያወርድ የማኅበራችን አባል ነው፤ ሳሮን ማኅበሩ ምን ቢያደርግለት ደስ እንደሚለው ብትጠይቀው «መጀመሪያ ነገር ስብሰባውን ሠራተኛ ሥራ በማይገባበት ሰዓት ቢያደርጉት» ብሎ ሲጀምር፣ ከላይ የጽጌረዳ አበባ ይዘንብበት ጀመር።

ይህ ለምን እንደሆነ በኋላ ነው የገባኝ። ካሜራውን የሚይዘውና ምስሉን የሚቀጣጥለው ናቲ እንጀራው በሆቴል አዳራሽ ሠርግ መቅረጽ ነው፤ አንድን ነገር ሸፍን ተብሎ ሲታዘዝ በእጁ ያለው መሸፈኛ ጽጌረዳና ሁለት ነጭ እርግቦች ብቻ ናቸው። ሳሚ ቅሬታውን እስኪጨርስ እርግቦቹ ሦስት ጊዜ ዞሩበት፤ ድምፁም በሙሽራ መግቢያ ዘፈን ተዋጠ። ብዙ ተመልካቾች «እንኳን ደስ ያለህ» የሚል መልእክት እንደላኩለት፣ አንዲት አክስቱም ከአገር ቤት ደውለው ሳይነግረኝ አገባ ብለው እንዳኮረፉት ሰምቻለሁ።

ክቡርነትዎ ከዚህም በኋላ «ገና ሕፃን ነው» ማለትዎን አላቆሙም። ስለ ሕፃን ግን እኔም ጥቂት ዕውቀት አለኝ፤ በዚህ አገር በኖርኩባቸው አሥራ ሁለት ዓመታት አራት ልጆች ከዳይፐር እስከ ደብተር አድርሻለሁ። ሕፃን አፉን ሲፈታ ከ«ውሃ» እና ከ«አልፈልግም» ቀጥሎ የሚይዘው ቃል «ለምን?» የሚለው ነው። ፀሐይ ለምን ትገባለች፣ ድመቷ ለምን አታወራም፣ አንቺ ለምን ወደ ቤትሽ አትሄጂም እያለ ሲያደርቅዎ ይውላል። መዋሸት የሚጀምረው ከዚያ ዘግየት ብሎ፣ ብስኩቱን ማን በላው ሲባል ነው። የእኛ ሕፃን ግን የ«ለምን»ን ዕድሜ ዘልሎ በቀጥታ ብስኩቱ ላይ ደርሷል፤ ሐኪም ቢያየው መልካም ይመስለኛል።

አራተኛ። አሁን አንገቴ ላይ ደረስን።

ማዳሜ እናቷን ልትጠይቅ ወደ አቡ ዳቢ ስትሄድ ልጆቹን እንድይዝ ወስዳኝ ነበርና፣ ለሁለት ሰዓት አስፈቅጄ፣ ሳሮን በመኪናዋ ቤትዎ ድረስ አመጣችኝ። የመጣሁት አንድ ነገር ለመናገር ነበር፤ ሚኒባሷ ትመለስልን ለማለት። ናቲ መብራቱን ሲያስተካክል እርስዎ ከጎኔ ተቀመጡ፤ እንግዳዋ እንዳይሰለቻት ብለውም የሳሎንዎ አየር ማቀዝቀዣ፣ ኤሲው፣ እንዴት እንደተበላሸ፣ ሦስት ባለሙያ መጥቶ እንዴት እንዳቃተው፣ በመጨረሻም እርስዎ ራስዎ በሹካ እንዴት እንዳስነሱት ያጫውቱኝ ጀመር። ካሜራው ያን ጊዜ ተከፍቶ እንደነበረ አላወቅሁም። እኔም እንዳስተዳደጌ፣ ታላቅ ሲናገር እንደ ግንብ ዝም ብሎ ማየት ነውር ስለሆነ፣ ራሴን ነቅነቅ እያደረግሁ፣ በየመሐሉም ትንፋሼን ወደ ውስጥ ሳብ አድርጌ «እ» እያልኩ አዳመጥኩዎ። «ሻይ ይምጣልሽ?» ሲሉኝም «እሺ ጋሼ፣ እግዜር ይስጥልኝ» አልኩ።

ዝግጅቱ ሲተላለፍ ያየሁትን ለአንባቢ ልንገር። ክቡርነትዎ በሰማያዊው ኮት ሆነው «የአል አይን እህቶቻችን የሚዲያን ጥቅም ተረድተው ሚኒባሷን በሙሉ ፈቃዳቸው ለቀዋል» ይላሉ፤ እኔ ራሴን እነቀንቃለሁ። «መመላለሱም አድክሟቸው ነበር» ይላሉ፤ እኔ ትንፋሼን ስቤ «እ» እላለሁ። «ከእንግዲህ እሑድን በየቤታቸው ዐረፍ ብለው ፕሮግራማችንን በመከታተል ያሳልፋሉ» ይላሉ፤ እኔ «እሺ ጋሼ፣ እግዜር ይስጥልኝ» እላለሁ። ቆጥሬዋለሁ። ሰባት ጊዜ ነቀነቅሁ፣ ሁለት ጊዜ ተነፈስኩ፣ አንድ ጊዜ አመሰገንኩ። ሰባቱም ንቅናቄ፣ ሁለቱም ትንፋሽ ለኤሲው ነበር፤ ምስጋናው ለሻዩ።

የሌላ አገር ሰው ይህን ቢስት አልፈርድበትም። እኛ ግን ስንት አማት ፊት፣ ስንት የነፍስ አባት ፊት፣ ስንት የመሥሪያ ቤት ኃላፊ ፊት ራሳችንን ነቅንቀን ወጥተን የራሳችንን ያደረግን ሕዝብ ነን። ታላቅ ሲናገር ራስ መነቅነቅ «እየሰማሁዎ ነው» ማለት እንጂ «ተስማምቻለሁ» ማለት እንዳልሆነ ክቡርነትዎ ያጡታል ብዬ አላምንም፤ በየስብሰባው ንግግርዎን ስናዳምጥ የነቀነቅነውን ሁሉ እስከ ዛሬ እንደ ድጋፍ ቆጥረውት ካልሆነ በቀር። እንደዚያ ከሆነ ለድንጋጤዎ አስቀድሜ ይቅርታ እጠይቃለሁ።

ከሻዩ በኋላ ስልክ ተደውሎልዎ ወደ ጓዳ ሲገቡ ሳሮን እውነተኛውን ጥያቄ ጠየቀችኝ፤ እኔም አሥራ ሁለት ደቂቃ መለስኩ። ከዚያ ውስጥ አንዲት ሰከንድ አልተላለፈም። ሳሮን በማግሥቱ ደውላ «እትዬ፣ አይ አም ሶ ሶሪ፤ እኔ ሙሉውን ነው የሰጠኋቸው፣ ኤዲት ሲያደርጉ አልነበርኩም» አለችኝ፤ አምኛታለሁ። ናቲን ብጠይቀው ደግሞ አንገቱን ደፍቶ እንደሆነ በድምፁ እያስታወቀ «እታለም፣ ጋሼ ቁረጠው አሉኝ፣ ቆረጥኩት፤ ከዚያ ካርዱ ሞላብኝና ሠርግ ቀረጽኩበት» አለኝ። ስለዚህ የእኔ አሥራ ሁለት ደቂቃ በነበረበት ቦታ አሁን ሁለት ሙሽሮች ኬክ እየቆረሱ ይጎራረሳሉ። ትዳራቸውን ይባርክ። የጠፋውን ግን እኔ አልረሳሁትምና እዚሁ እጽፈዋለሁ።

ሳሮን የጠየቀችኝ ሚኒባሷ ለእናንተ ምናችሁ ናት ብላ ነበር። ያልኳት ይህን ነው። ማዳሜ እሑድን የፈቀደችው ለእኔ አይደለም፤ ለሚኒባሷና ለሾፌሩ ለሙርሺድ ነው። ሙርሺድ አረብኛው የጠራ የጅማ ሰው ነው። በዘጠኝ ዓመት ውስጥ ከየማዳሞቻችን ጋር በየበሩ ሰላምታ ተለዋውጦ፣ እወስዳቸዋለሁ ባለበት ሰዓት ወስዶ፣ እመልሳቸዋለሁ ባለበት ሰዓት መልሶ፣ ለራሱ ሳይሆን ለእኛ አመኔታ አተረፈልን። ሚኒባሷ ከቀረች በኋላ በሕዝብ አውቶቡስ ልሂድ ብላ የጠየቀች ሁሉ «ላ»፣ አይሆንም፣ ተብላለች። «ሙርሺድ የለም? እንግዲያው መውጣትም የለም» ነው መልሱ። መኪናዋን ሲወስዱ የወሰዱት መኪና ብቻ መስሎዎት ከሆነ፣ እሑዳችንንም ጨምረው ወስደዋል።

ስለ ሐናም ነግሬያት ነበር። ሐና ሃያ ሁለት ዓመቷ ነው፤ ከመጣች ዓመት አልሞላትም፤ በምትሠራበት ቤት ሌላ ሐበሻ የለም። ሚኒባሷ ውስጥ ሁልጊዜ በመስኮት በኩል ትቀመጥና ሰው ሲያወራ እየሰማች ፈገግ ትል ነበር እንጂ ራሷ ብዙም አትናገርም። ሚኒባሷ በቀረች በሦስተኛው እሑድ ደወለችልኝ። ምን ሆንሽ ብላት «ምንም አልሆንኩም እትዬ፣ ዝም ብለሽ አውሪኝ» አለችኝ። ምን ላውራሽ ብላት «ያገኘሽውን» አለች። ለልጆቹ የማበስለውን የሩዝ አሠራር ከማጠቡ ጀምሬ እስከ ማውጣቱ ነገርኳት፤ ስጨርስ ድገሚልኝ አለች። ይህን ስናገር ሳሮን አለቀሰች፣ ናቲም ከካሜራው ጀርባ አፍንጫውን ጠረገ። የምጽፈው ለማስተዛዘን አይደለም፤ በስቱዲዮዎ ውስጥ ሰው ከልቡ ሆኖ የተገኘበት የመጀመሪያው ቀን ስለሆነ ለታሪክ እንዲመዘገብ ብዬ ነው።

አምስተኛ። ስለ ተንቀሳቃሹ ስቱዲዮ ሁኔታ ሙርሺድ አልፎ አልፎ በስልክ ያጫውተኛል። ስቱዲዮው ሳሎንዎ ስለሆነ ሚኒባሷ ከያስ ደሴቱ ጉዞ ወዲህ ከግቢዎ እንዳልወጣች፣ መብራቶቹ ግን እንዳይወድቁ በየወንበራችን ላይ ቀበቶ ታስሮላቸው እንደተቀመጡ ነግሮኛል። በሐና ወንበር ላይ ጃንጥላ የመሰለ ነጭ መብራት አለ አሉ፤ በመስኮት በኩል። እንደ ሙርሺድ አባባል መብራቶቹ ጨዋ ተሳፋሪዎች ናቸው፤ አያወሩም፣ ሰላምም አይሉትም። እሱም የእጅ ብሬኩን ስቦ እዚያው ሲያንቀላፋ ይውላል።

ስድስተኛና የመጨረሻው፣ እኔን ከሁሉ ያመመኝ ነው። ኡሙኩልሱም የወሎ ልጅ ናት፤ ከእኛ ቪላ ቀጥሎ ባለው ቤት ትሠራለች፤ በሚኒባሷ የምትሄደው አቡ ዳቢ ያለች እህቷን ለመጠየቅ ነበር። ስምንት ዓመት ሙሉ ጠዋት ጠዋት ቆሻሻ ልንጥል ስንወጣ በገንዳው አጠገብ ቆመን ተጫውተናል። ከእሑድ በቀር በአማርኛ ፊት ለፊት የማወራው ከእሷ ጋር ብቻ ነው፤ የእሷ አባት ሲሞት እዚያ ገንዳ አጠገብ አልቅሰናል፣ የእኔ ልጅ አሥራ ሁለተኛ ክፍል ሲያልፍ እዚያው ተቃቅፈን ዘለናል። ዝግጅቱ በተላለፈ ማግሥት ግን ዓይኔን ሳታይ «ኸላስ፣ አበቃ፣ ዓለምነሽ። በዓይኔ አይቻለሁ፤ እግዜር ይስጥልኝ ስትያቸው በጆሮዬ ሰምቻለሁ» አለችኝና ከረጢቷን ጥላ ገባች። ስለ ሻይና ስለ ኤሲ ላስረዳት ብሞክር ጭራሽ ትቀልጂብኛለሽ ብላ ተቆጣች። አሁን ቆሻሻ የምትጥለው እኔ ልጆቹን ለትምህርት ቤቱ አውቶቡስ ስሸኝ ጠብቃ ነው። ሌሎቹም ሴቶች እንደዚያው ናቸው፤ ከሐና በቀር ስልኬን የሚያነሳ የለም። ክቡር ሆይ፣ መጀመሪያ ተናድጄ ነበር። አሁን አዝኛለሁ፤ ንዴቱ ይሻለኝ ነበር።

ስለዚህ በታላቅ ትሕትና የምለምነው ሦስት ነገር ነው። ከእሑዱ ጉባኤ በፊት፣ ያለ ጽጌረዳና ያለ እርግብ፣ ዓለምነሽ ሚኒባሷ ትቅር አላለችም የሚል ማረሚያ እንዲተላለፍ፤ የአንድ ደቂቃ እንኳ ቢሆን ይበቃኛል። ጉባኤው ስለ ሚኒባሷ ሲወስን የእኔ አንገት ከማስረጃ ዝርዝሩ ውስጥ እንዲወጣ። ሦስተኛው የእኔ ጥቅም የለበትም፤ ለሕፃኑ ዕድገት በማሰብ ነው። አንድ ቀን ክቡርነትዎ አንድ ኮት ብቻ ለብሰው ሳሮን ፊት ይቀመጡ፤ የምትፈልገውንም ትጠይቅዎ፤ ናቲም ቢሆን እጁን ኪሱ ውስጥ ያድርግ። ያን ዕለት ቴሌቪዥናችን አፉን ፈታ ብለን ሁላችንም እልል እንላለን።

ለዕድገትዎ፣ ለኮቶችዎና ለኤሲዎ ረጅም ዕድሜ እየተመኘሁ፣ ደብዳቤዬን እስከዚህ ድረስ ያነበቡት ራስዎን እየነቀነቁ ከሆነ እንደ መስማማት እንደማልቆጥርብዎ ቃል እየገባሁ፣ ከወገቤ ዝቅ ብዬ እጅ እነሣለሁ።

የክቡርነትዎ ታማኝ ተመልካችና ያለፈቃዷ ተባባሪ አዘጋጅ፣

ዓለምነሽ እንየው
አል ሙዋይጂ፣ አል አይን

ግልባጭ፦
ለሳሮን፣ ለምትጠይቀው፤
ለናቲ፣ ለሚቆርጠው፤
ለሙርሺድ፣ ለሚጠብቀው፤
ለሳሚ አክስት፣ ሳሚ እንዳላገባ በአክብሮት ለማሳወቅ።

ከፈረምኩ በኋላ የመጣ፦ ይህን ጽፌ ስጨርስ የማኅበሩ ጸሐፊ አቶ ተክሌ ተጨንቀው ደወሉልኝ። በመተዳደሪያ ደንባችን አንቀጽ አሥራ ዘጠኝ መሠረት ከአል አይን ቢያንስ አሥር አባላት በአካል ካልተገኙ ጠቅላላ ጉባኤ እንደማይጸና ዛሬ ገና ማንበባቸውን ነገሩኝ። አንቀጹን ያረቀቁት ክቡርነትዎ እንደሆኑም በአድናቆት አስታወሱኝ። መልእክታችሁን በቪዲዮ ብትልኩስ ብለው ነበር፤ ናቲ የሚቀጣጥለው ቪዲዮ በአካል እንደ መገኘት እንደማይቆጠር ግን ተማመንን። እንግዲህ ጉባኤው ሚኒባሷን ከእኛ ለመውሰድ እንኳ እኛ መምጣት አለብን፤ እኛ እንድንመጣ ደግሞ ሚኒባሷ መምጣት አለባት። ሐና ለሁሉም ደውላ ነግራቸዋለች፤ አሥራ አራታችንም እሑድ ከጠዋቱ አሥራ ሁለት ሰዓት ተኩል ላይ ምሽጉ አጠገብ እንቆማለን። ኡሙኩልሱም ከእኔ ጋር አሁንም አልተነጋገረችም፤ ግን እመጣለሁ ብላለች፤ ከጎኔ ቦታ እይዝላታለሁ። መብራቶቹን ከወንበሮቹ ላይ ያስወርዱልን፤ ድምፅ የምንሰጠው በእጃችን ስለሆነ ክንዳችንን የምናነሣበት ስፍራ ያስፈልገናል። ለየማዳሞቻችን ሙርሺድ እሑድ ይመጣል ብለን ተናግረን ፈቅደውልናል። በቴሌቪዥንዎ የፈለጉትን ይበሉ፤ እኛ ግን በዚህ አገር ከቃላችን ሌላ የሚያስወጣን ነገር የለንምና፣ በማዳሞቻችን ፊት ውሸታም አያድርጉን።